«ነፋስ» እና የሰው ድርሻ



በድሬዳዋ ገጠር በቢዮ አዋሌ የሚኖር ሰው በረሃን ከፊልም አይማርም። ደርቆ የተኛ አሸዋማ ወንዝ ራቅ ብሎ በጣለ ዝናብ ድንገት እንደሚሞላ ያውቃል። ስለዚህ «ነፋስ» የተባለውን ድምፅ አልባ ፊልም ቢመለከት አንድ ጥያቄ ማንሳቱ አይቀርም፤ ይኸውም ጥፋቱ የተፈጥሮ ነው ወይስ የሰው የሚል ነው።

ፊልሙን ስዊድናዊው ቪክቶር ሾስትሮም በአሜሪካ አዘጋጅቶት በ1928 እ.ኤ.አ. ለሕዝብ ቀረበ። መነሻው ዶሮቲ ስካርቦሮ በ1925 ያሳተመችው ልብ ወለድ ነው። ሊሊያን ጊሽ የምትጫወታት ሌቲ ከቨርጂኒያ ተነሥታ ነፋስ ወደማይለየው የቴክሳስ ምድር ትመጣለች። የተጠጋችበት ዘመዷ ሚስት በቅናት ከቤት ታስወጣታለች። ተስፋ የጣለችበት ሮዲ ደግሞ ባለትዳር ሆኖ ይገኛል። መውጫ ስታጣ ላይጅ የተባለውን ከብት ጠባቂ ሳትወደው ታገባለች። ባሏ በሌለበት በአውሎ ነፋስ ሌሊት ሮዲ መጥቶ ይደፍራታል፤ ሲነጋም በሽጉጥ ገድላ በአሸዋ ትቀብረዋለች። ነፋሱ ግን አሸዋውን እየጠረገ አስከሬኑን ይገልጠዋል።

ተመልካች ነፋሱን መክሰስ ይቀናዋል። ይሁን እንጂ የገዛ ሚስቱን የካደውም፣ የሌላውን ትዳር የደፈረውም ሮዲ እንጂ ነፋሱ አይደለም።

በፊልሙ የሚታየው ነፋስ ራሱም ቢሆን የሰው ሥራ ነው። ድምፅ በሌለበት ነፋስ በዓይን መታየት ነበረበትና፣ በ1927 በካሊፎርኒያ ሞሃቬ በረሃ ስምንት የአውሮፕላን ሞተሮች ተተክለው አሸዋውን በተዋንያኑ ላይ ይነዱት ነበር። ጊሽ በኋላ እንደተረከችው፣ ሙቀቱ እስከ 49 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ደርሶ ጥሬ ፊልሙ እንዳይበላሽ በበረዶ ይቀዘቅዝ ነበር፤ እርሷም የጋለ የበር እጀታ ይዛ እጇ ተቃጥሏል።

ልብ ወለዱ ሌቲን ወደ አውሎ ነፋሱ ሰድዶ ያጠፋታል። ፊልሙ ግን የሆነውን ሁሉ ለባሏ ተናግራ ከእርሱ ጋር እንድትጸና ያደርጋታል። ነፋሱ አልቆመም፤ እውነቱ ከተነገረ ወዲህ ግን አያስፈራትም።

በሐምሌ 1998 ዓ.ም. የደቻቱ ጎርፍ በድሬዳዋ ከ200 በላይ ሰዎችን ገደለ። ዝናቡን ማንም አልጠራውም፤ የዳገቱ መራቆትና የቤቶች በወንዝ ዳር መሠራት ግን የሰው ድርሻ ነበሩ። እንግዲህ መሐንዲስ «የተፈጥሮ አደጋ» ብሎ ከመፈረሙ በፊት፣ ከነፋሱ በስተጀርባ ሰው የተከለው ሞተር መኖር አለመኖሩን መመርመር ይገባዋል።