በምስክር አሰማም ላይ የበላይ ፍርድ ቤቶች የሚያደርጉት ቁጥጥር
በወላይታ ሶዶ ለሕግ ተማሪዎችና መምህራን የቀረበ ገለጻ



ዛሬ የማነሣው ጥያቄ ይህ ነው፦ ምስክሩን በዓይኑ ያላየ፣ ቃሉንም በጆሮው ያልሰማ የይግባኝ ዳኛ ምስክሩ በአግባቡ መሰማቱን በምን ያውቃል? መልሱ አጭር ነው፤ በመዝገቡ ብቻ ያውቃል።

ለመነሻ አንድ ምናባዊ ጉዳይ እንያዝ። በሶዶ ዙሪያ የምትኖር አንዲት ባልዋ የሞተባት ሴት ስለ እንሰት ማሳዋ ወሰን በወረዳ ፍርድ ቤት ትከሳለች። ሦስት የድንበር ጎረቤቶቿን በምስክርነት ትቆጥራለች። ፍርድ ቤቱ አንዱን ሰምቶ «ይበቃል» ይላል፤ በፍርዱ ግን «ክሷን በበቂ ማስረጃ አላስረዳችም» ብሎ ያሰናብታታል። ያስረዱላት የነበሩትን ሁለት ምስክሮች የከለከላት ያው ፍርድ ቤት ነው።

ይህች ሴት ክልከላው በተሰጠበት ዕለት ይግባኝ ማለት አትችልም። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 320(3) ማስረጃን ስለመቀበልና አለመቀበል በሚሰጥ ትእዛዝ ላይ፣ የመጨረሻው ፍርድ ሳይሰጥ ይግባኝ እንዳይቀርብ ይደነግጋል። ቅሬታው የሚነሣው ከዋናው ፍርድ ጋር ነው። ድንጋጌው ምክንያት አለው፤ በየትእዛዙ ይግባኝ ቢፈቀድ ክርክር ማለቂያ አይኖረውም። ዋጋም ያስከፍላል፤ ይግባኙ እስኪሰማ ሽማግሌው ምስክር ሊሞት ይችላል።

ጉዳዩ ዞን ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሲደርስ ቁጥር 345 መፍትሔ ያበጃል። በመርህ ደረጃ በይግባኝ አዲስ ማስረጃ አይቀርብም፤ የሥር ፍርድ ቤት ሊቀበለው የሚገባውን ማስረጃ አልቀበልም ካለ ግን ይፈቀዳል። የይግባኙ ፍርድ ቤት ምስክሮቹን ራሱ ሊሰማ ወይም የሥር ፍርድ ቤት እንዲሰማቸው ሊያዝ ይችላል።

ተቃራኒው ስህተትም አለ፤ መሰማት የሌለበት ምስክር ሊሰማ ይችላል። በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2472 መሠረት ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር የሚረጋገጠው በጽሑፍ፣ በእምነት ቃል ወይም በመሐላ ነው። ክርክር በተነሣበት እንዲህ ያለ ብድር ላይ በምስክር ቃል ብቻ ቢፈረድ ስህተቱ የሕግ ነው። ሰበር ሰሚ ችሎት ሥልጣኑ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80(3) መሠረት መሠረታዊ የሕግ ስህተትን ማረም በመሆኑ ይህን ዓይነቱን ስህተት ሊመረምር ይችላል። የትኛው ምስክር ይበልጥ ይታመናል የሚለው ግን የፍሬ ነገር ጉዳይ ነው፤ በዋናነት ለሥር ፍርድ ቤትና ለይግባኝ የተተወ ነው።

ሦስተኛውና ለአካባቢያችን የሚቀርበው ችግር የአመዘጋገብ ችግር ነው። ቁጥር 263 ዋና ጥያቄ ምስክሩ በቀጥታ ወይም በተዘዋዋሪ ስለሚያውቀው ፍሬ ነገር እንዲሆን፣ መስቀለኛ ጥያቄም በመልሱ ውስጥ ያለውን ስህተት፣ አጠራጣሪና ሐሰት ነገር እንዲያሳይ ያዛል። ምስክሩ በወላይትኛ ተናግሮ መዝገቡ በአማርኛ ሲጻፍ፣ «መሬቱ የእርሷ ነው ሲባል ሰምቻለሁ» ያለው «መሬቱ የእርሷ ነው» ተብሎ ቢሰፍርስ? የሰማው እንዳየው ሆነ። ሕጉ ሁለቱንም የዕውቀት ዓይነቶች ይቀበላል፤ ክብደታቸው ግን አንድ አይደለም። የይግባኙ ዳኛ ይህን ልዩነት ከወረቀቱ ላይ ሊያገኘው አይችልም።

ስለዚህ ነገ በችሎት የምትቆሙ ተማሪዎቼ፣ ምስክራችሁ ሲከለከል በምን ጭብጥ ላይ ምን ያስረዳ እንደነበር ተናግራችሁ ተቃውሟችሁን አስመዝግቡ። የትርጉም ስህተት ስትሰሙ ምስክሩ ከመሰናበቱ በፊት አሳርሙ። በዳኝነት ወንበር የምትቀመጡም «ይበቃል» ስትሉ ምክንያቱን ጻፉ፤ በከለከላችሁት ማስረጃ ጉድለትም ባለጉዳይን አትርቱ።

የበላይ ፍርድ ቤት ቁጥጥር የሚጀምረው በይግባኝ ማመልከቻ ሳይሆን ምስክሩ ምሎ ቃሉን መስጠት በሚጀምርበት ሰዓት፣ በወረዳው ችሎት ነው። በዚያች ሰዓት ያልተጻፈውን የትኛውም ችሎት አያነበውም።