በረዶ የማይሆን ደም

በአንታርክቲካ ዙሪያ ያለው ባሕር ጨዋማ ስለሆነ ከዜሮ በታች 1.9 ዲግሪ ሴልሺየስ እስኪደርስ ድረስ በረዶ አይሆንም። የአብዛኛው ዓሣ ደም ግን ጨዉ ከባሕሩ ያነሰ ነውና ከዜሮ በታች 1 ዲግሪ እንኳ ሳይሞላ በረዶ መሥራት ይጀምራል። ታዲያ የዚያ አገር ዓሦች እንዴት ይኖራሉ?

ምሥጢሩን እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1960ዎቹ የደረሰበት አሜሪካዊው ተመራማሪ አርተር ዴቭሪስ ነው። በዓሦቹ ደም ውስጥ ልዩ ፕሮቲን አለ። ደቃቅ የበረዶ ቅንጣት ሰውነታቸው ውስጥ ሲገባ ፕሮቲኑ ላዩ ላይ ይለጠፍና እንዳያድግ ያግደዋል። ቅንጣቱ አይቀልጥም፤ ግን ባለበት ይቀራል።

እኔን ከሁሉ በላይ የሚደንቀኝ የፕሮቲኑ አመጣጥ ነው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1997 ዴቭሪስና ባልደረቦቹ እንዳሳዩት፣ ጂኑ የተገኘው ቆሽት ውስጥ ምግብ የሚፈጭ ኢንዛይም ከሚያስገኝ ጂን ነው። ከዚያ ጂን ውስጥ ሦስት አሚኖ አሲዶችን ብቻ የምታዝ ቁራጭ በትውልድ ሂደት ደጋግማ ተቀዳች፤ አዲስ ፕሮቲንም ወጣ። ባሕሩ እየቀዘቀዘ ሲሄድ ይህ ያላቸው ተርፈው ተባዙ።

በሌላኛው የምድር ጫፍ፣ በአርክቲክ የሚኖረው ኮድ ዓሣም ተመሳሳይ ፕሮቲን አለው። የቅርብ ዝምድና ግን የላቸውም፤ የእሱ ጂን መነሻው ፈጽሞ ሌላ ነው።

ከአንታርክቲካዎቹ መካከል አንዱ ወገን ደግሞ ቀይ የደም ቀለም የሚሰጠውን ሄሞግሎቢን ጭራሽ አጥቷል፤ ደሙ ውሃ ይመስላል። ቀዝቃዛ ውሃ ብዙ ኦክስጅን ስለሚይዝ፣ በፈሳሹ ውስጥ የሚሟሟው ኦክስጅን ከትልቅ ልቡ ጋር ተዳምሮ ይበቃዋል። ባሕሩ ሲሞቅ ግን ኦክስጅኑ ይቀንሳል፤ ለእነዚህ ዓሦች የምሰጋውም ለዚህ ነው።