ስለ ሶላሪሱ ሲሜትሪያድ



የሥነ ምድር ባለሙያ በጉባኤ ፊት ቆሞ ስለ ልብ ወለድ ሲናገር መስማት ለአንዳንዶቻችሁ እንግዳ ነገር ሊሆን ይችላል። ዛሬ የምናገርለት ስፍራ በየትኛውም ካርታ ላይ አይገኝም፤ ሆኖም የእኛን ሥራ እንደዚህ ጽሑፍ በቅርብ ያየ ሌላ ድርሰት አላነበብኩም። ይኸውም የፖላንዱ ደራሲ ስታኒስላቭ ሌም እ.ኤ.አ. በ1961 ባሳተመው «ሶላሪስ» ውስጥ የሚገኘው፣ ሲሜትሪያድ የሚባለው ግዙፍ ቅርጽ ነው። ብዙዎቻችሁ ታሪኩን የምታውቁት አንድሬይ ታርኮቭስኪ እ.ኤ.አ. በ1972 ካወጣው ፊልም ይሆናል። ፊልሙ በሰዎቹ ኀዘንና ጸጸት ላይ ያተኮረ ስለ ሆነ እኔ የምሻውን የመጽሐፉን ክፍል አልፎታል ማለት ይቻላል።

ሶላሪስ ሁለት ፀሐዮች ያሏት፣ አንዱ ቀይ ሌላው ሰማያዊ፣ ፕላኔት ናት። ገጽዋን ከሞላ ጎደል የሸፈነው ውቅያኖስ ውኃ አይደለም፤ ዝልግልግ የሆነ፣ ብዙዎቹ ተመራማሪዎችም ሕይወት አለው ብለው የሚያምኑበት ነገር ነው። ከእርሱም ልዩ ልዩ ቅርጾች ይነሣሉ። (መልክዐ ምድር ከማለት መልክዐ ባሕር ማለት ሳይሻል አይቀርም።) ከእነዚህ አንዱ ሚሞይድ የተባለው፣ በአቅራቢያው ያለውን ዕቃ ሁሉ አስመስሎ ይሠራል። ሕያው ሰው ቢቀርበው አይቀዳውም፤ የሰው አሻንጉሊት ቢያቀርቡለት ግን ወዲያው ይቀዳል። ለምን እንደ ሆነ በመጽሐፉ ውስጥ ማንም አይመልስም።

ሲሜትሪያድ ከሁሉም የከፋ ነው። አነሣሡ ድንገተኛ ሲሆን ውቅያኖሱ አስቀድሞ በሰፊው ያብረቀርቃል፤ ከዚያም ተራራ የሚያህል ሕንጻ መሰል አካል ይወጣል። በውስጡ ቅስቱ በቅስት ላይ፣ አዳራሹ ከአዳራሽ ጋር እየተዛመደ፣ የአንዱ ወገን ቅርጽ በሌላው ወገን እንደ መስተዋት ምስል ይደገማል። የሂሳብ ሰዎች ሲያዩት አንድ እኩልታ አካል ለብሶ የቆመ መስሏቸዋል። ዕድሜው አጭር ነው፤ ፍጻሜውም መፈራረስ ነው። በእኔ አስተያየት የአደጋው ምንጭ ግዙፍነቱ ሳይሆን ሥርዓቱ ነው። የተዘበራረቀ ነገር ሰውን ያስፈራዋልና ከሩቅ ይቆማል፤ የተስተካከለ ነገር ግን የቀኙን ያየ ግራውን እንዳወቀ እንዲያስብ ያደርገዋል፤ ስለዚህ ይገባበታል። ሰዎቹም ገቡ።

ከገቡትም አንዱ ጊሴ ነበር። በልብ ወለዱ ውስጥ ለእነዚህ ቅርጾች ስም ያወጣላቸው እርሱ ነው፤ ለዓመታት ያየውን ብቻ ሲመዘግብ የኖረ፣ ለመላ ምት ፍቅር ያልነበረው፣ ጽሑፉም የደረቀ ሰው። ለእንዲህ ያለ ሰው ያለኝን አክብሮት አልደብቅም፤ አብዛኛው የሙያችን ሀብት የተከማቸው በእንዲህ ባሉ ደረቅ ሰዎች እጅ ነው። ይሁን እንጂ በአንድ ሲሜትሪያድ ውስጥ ያልታሰበ ፍንዳታ ተነሥቶ እርሱን ጨምሮ 106 ሰዎች አለቁ፤ ከእነርሱም አንዳንዶቹ ከላይ በአየር ሲያንዣብቡ የነበሩ ናቸው። ከዚያ በኋላ ውቅያኖሱ በኑክሊየር መሣሪያ ይመታ የሚሉ ተነሡ። ልብ በሉ፤ መቅጣት የሚቻለው ፈቃድ ያለውን ነው፤ ውቅያኖሱ ፈቃድ እንዳለው ግን ማንም አላረጋገጠም ነበር።

ከዚህ ወደ ዳሎል ብሻገር ርቀቱ የሚታሰበውን ያህል አይደለም። ከባሕር ወለል በታች በሚገኘው በዚያ ስፍራ እ.ኤ.አ. በ1926 የእንፋሎት ፍንዳታ ጉድጓድ ከፍቷል። ፍል ውኃው ከ100 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ ይሞቃል፤ የአንዳንዱ ኩሬ የአሲድነት መለኪያ ከዜሮ በታች ይወርዳል። ምንጮቹ እየደረቁ በሌላ በኩል ስለሚፈልቁ፣ አምና የተሣለው ንድፍ ዘንድሮ ላያገለግል ይችላል። እ.ኤ.አ. በ2019 ሁለት የምርምር ቡድኖች ውጤታቸውን አሳተሙ፤ አንደኛው እጅግ ጥቃቅን ሕዋሳት በስፍራው አገኘን ሲል፣ ሁለተኛው አሲዱና ጨው በበረታባቸው ኩሬዎች ውስጥ ሕይወት የለም አለ። በአንድ ዓመት፣ በአንድ ስፍራ፣ የሌም ተመራማሪዎች የተከራከሩበት ጥያቄ! እኔ በክርክሩ ውስጥ አልገባም፤ የናሙና ብክለትን የሚያውቁ ከእኔ የተሻሉ ሰዎች አሉ።

እኔን የሚያሳስበኝ ቅርፊቱ ነው። የጨው ቅርፊት ከላይ ሲያዩት አንድ ዓይነት ነው፤ ጠፍጣፋና የተስተካከለ፤ አንዱ ጋ ሰው ይሸከማል፣ ጥቂት እርምጃ አልፎ ግን ከሥሩ ትኩስ አሲድ ሊኖር ይችላል። ልዩነቱን የሚያውቁት በስፍራው የሚኖሩት አፋሮች ናቸው። መንገድ መሪው ቆም ብሎ በዱላው ይነካካል፤ አንዳንድ ጊዜም ምክንያቱን ሳይናገር «በዚህ አይታለፍም» ይላል። ይህ ቃል በሪፖርቶቻችን ውስጥ የት ይገኛል? የአለቱ ዓይነት፣ የሙቀቱ መጠን፣ የናሙናው ቁጥር ሁሉ ሰፍሯል፤ መሪው እምቢ ያለበት ስፍራ ግን ናሙና ስላልተወሰደበት ባዶ ሆኖ ይቀራል። ለሚቀጥለው ወጣት ባልደረባችን ያ ባዶ ቦታ ያልተጠና፣ ስለዚህም የሚያጓጓ ሆኖ ይታየዋል።

ስለዚህ ለማኅበሩ የማቀርበው ሐሳብ አጭር ነው። በመስክ ካርታዎቻችን ላይ መሪው ያልረገጠው ስፍራ የራሱ ምልክት ይኑረው፤ ቀኑና የመሪው ቃልም በራሱ ቋንቋ ከጎኑ ይጻፍ። የምልክቱን ቅርጽ የካርታ ሥራ ባለሙያዎቻችን ይወስኑ፤ ቀለሙ ግን የዳሎልን ጨው ስለሚመስል ቢጫ ባይሆን እመርጣለሁ።