ስለ ልጆቻችን የእጅ ጌም ስክሪን አስተካከል
(በማኅበራችን ስብሰባ ላይ በጸሐፊው የተሰጠ ማብራሪያ)



ዛሬ የምናገረው ልጆቻችን የድሮ ጨዋታ ስለሚጫወቱባት የእጅ ጌም ነው። ነገሩ ትንሽ ቢመስልም ገንዘብ እያስወጣ ነው። «የስክሪኑ ዙሪያ ጠቆረ፣ ተበላሽቷል» ተብሎ ለማሠሪያ የከፈለ ወላጅ አለ። አንዱ ደኅና ዕቃማ ተፈትቶ ሳይገጠም ቀርቷል። ጎበዝ፣ ጥቁሩ ጠርዝ ብልሽት አይደለም!

ምክንያቱ እንዲህ ነው። በ1981 ዓ.ም. ጃፓን ውስጥ የወጣው ጌም ቦይ ስክሪኑ ወደ ጎን 160፣ ወደ ላይ 144 ነጥብ ብቻ ነበረው። ከዛሬዎቹ ብዙዎቹ 640 በ480 ናቸው። የድሮው ሥዕል በ3 ሲባዛ 480 በ432 ይሆናል፤ የተረፈው ቦታ ጥቁር ይቀራል። ካልሞላ ተብሎ በግድ ሲለጠጥ ግን ክቡ ነገር እንቁላል ይመስላል።

ስለዚህ፦

1ኛ/ ዕቃው ከመፈታቱ በፊት ማስተካከያው ውስጥ ተገብቶ የሥዕሉ መጠን ይታይ፤ ከተለጠጠው ይልቅ የጥንቱ ይመረጥ።

2ኛ/ ማባዣው ሙሉ ቁጥር ይሁን፣ 2 ወይም 3። ሦስት ከምናምን ከሆነ አንዱ ነጥብ ወፍራም፣ ሌላው ቀጭን ሆኖ ፊደሉ ይበላሻል።

3ኛ/ ቤት ውስጥ ብርሃኑ ዝቅ ይበል። ለዓይን ይመቻል፣ ባትሪም ይቆጥባል፤ መብራት በጠፋ ማታ ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

ከልጆቹ መካከል ይህን አሳምረው የሚያውቁ አሉ፤ ለጓደኞቻቸው ያሳዩ። ያልገባው ወላጅ ዕቃውን ይዞ ወደ ማኅበሩ ቢሮ ብቅ ይበል፣ ያለ ክፍያ አብረን እናያለን።



የማኅበሩ ጸሐፊ