የኮምፒዩተር ጨዋታን የማስተካከያ ፋይል ስለ መመርመርና ስለ ማረም
(በተማሪዎች ማኅበር የውይይት ሰዓት የተደረገ ንግግር)





ዛሬ እንድናገርበት የመረጥሁት ርእስ ለአንዳንዶቻችሁ ከዚህ መድረክ ክብር ዝቅ ያለ መስሎ ይታያችሁ ይሆናል። ነገሩ ስለ ጨዋታ ነውና። ነገር ግን እስከ መጨረሻው ብትታገሡኝ፣ የምናገረው ስለ ጨዋታ ብቻ እንዳልሆነ ትረዱልኛላችሁ ብዬ ተስፋ አደርጋለሁ።

ከመካከላችን አዲስ ኮምፒዩተር የሌለን ጥቂቶች አይደለንም። ከታላቅ ወንድም የተረፈ፣ ከሁለተኛ እጅ የተገዛ፣ ወይም ሦስት ሆነን የምንጋራው ማሽን ነው ያለን። እንዲህ ባለው ማሽን ላይ ከበድ ያለ ጨዋታ ሲከፈት ሥዕሉ ይንቀጠቀጣል፤ አንዳንዴም ቀጥ ብሎ ይቆማል። በዚህን ጊዜ ሁለት ዓይነት ምክር ይሰማል። አንደኛው «ማሽንህ አርጅቷል፤ ሌላ ግዛ» የሚል ነው። ሁለተኛው «እኔ ዘንድ ያለውን ፋይል ልስጥህና በራስህ ላይ ገልብጠው፤ ይፈጥንልሃል» የሚል ነው። ሁለቱ ምክሮች የተለያዩ ቢመስሉም አንድ ጉድለት ይጋራሉ፤ ይኸውም ማሽኑ ምን እንዲሠራ እንደ ታዘዘ ማንኛቸውም አለመጠየቃቸው ነው። እኔ ግን ከመግዛትም ከመገልበጥም በፊት ትእዛዙን ማንበብ ይቅደም እላለሁ።

ትእዛዙ የት ነው? ብዙዎቹ የኮምፒዩተር ጨዋታዎች ሲጀምሩ የሚያነቡት የማስተካከያ ፋይል አላቸው። ይህ ፋይል አብዛኛውን ጊዜ ተራ ጽሑፍ ነው፤ በኖትፓድ ይከፈታል፤ ፊደል የቆጠረ ሁሉ ያነበዋል። ነገሩም አዲስ አይደለም። ዊንዶውስ ራሱ በ1985 (የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ለመጀመሪያ ጊዜ ሲወጣ «ዊን ነጥብ አይ ኤን አይ» ከሚባል የጽሑፍ ፋይል ትእዛዝ ይቀበል ነበር። በ1993 የወጣው ዱም የተባለው ጨዋታም የመጫወቻው መስኮት ምን ያህል ይስፋ የሚለውንና የሥዕሉ ዝርዝር ከፍ ይበል ወይስ ዝቅ የሚለውን በማስተካከያ ፋይሉ ውስጥ በቍጥር ጽፎ ያስቀምጥ ነበር። ዝርዝሩ ዝቅ ሲል ማሽኑ በአግድም ካሉት ሁለት ነጥቦች አንዱን ብቻ አስልቶ በእጥፍ ያሰፋዋል። ደካማ ማሽን የነበረው ተጫዋች ሥራውን የሚያቃልለው በዚህ መንገድ ነበር።

ነገሩ በጥቅሉ እንዳይቀር አንድ ጨዋታ እንያዝ። ቤተዝዳ በኖቬምበር 2011 ያወጣውን ስካይሪምን እወስዳለሁ፤ ማስተካከያው ግልጽ ሆኖ የተጻፈ ስለ ሆነ ለትምህርት ይመቻልና። በዊንዶውስ ውስጥ «ዶኩመንትስ» የተባለውን ፎልደር ስንከፍት «ማይ ጌምስ»ን፣ በእርሱም ውስጥ «ስካይሪም»ን እናገኛለን። በ2016 የወጣው ስፔሻል ኤዲሽን የራሱ ስም ያለው ሌላ ፎልደር አለው። በፎልደሩ ውስጥ ሁለት ዋና ፋይሎች አሉ፤ አንዱ «ስካይሪም»፣ ሌላው «ስካይሪም ፕሬፍስ» ይባላል። ጨዋታው በተጫነበት ስፍራም ስማቸው የሚመሳሰል ፋይሎች ስለሚገኙ፣ እነዚያን አርሞ «ምንም አልተለወጠም» የሚል ሰው አይጠፋም። የሚታረሙት በዶኩመንትስ ውስጥ ያሉት ናቸው።

ከመንካታችን በፊት ሁለት ጥንቃቄዎች እንያዝ። አንደኛ፣ የፋይሎቹን ግልባጭ በሌላ ፎልደር ማስቀመጥ ነው። ሁለተኛ፣ ጨዋታውን ዘግቶ ማረም ነው፤ ምክንያቱም ጨዋታው ሲዘጋ ስካይሪም ፕሬፍስን መልሶ ስለሚጽፈው እኛ የጻፍነው ሊጠፋ ይችላል። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች እንደሚባለው ግልባጭ ያላስቀመጠ ሰው የቀድሞውን ቍጥር በትዝታ ሲፈልግ ያመሻል።

አሁን ወደ ንባቡ እንግባ። ፋይሉ በክፍል በክፍል የተከፈለ ነው፤ የየክፍሉ ስም በማዕዘን ቅንፍ ተጽፏል። ከክፍሉ ስም በታች ያለው እያንዳንዱ መስመር በግራ ስም፣ በመካከል የእኩል ምልክት፣ በቀኝ ዋጋ አለው። ስሞቹ በእንግሊዝኛ ፊደል ቃላቱ ሳይለያዩ ተገጣጥመው ይጻፋሉ፤ የመጀመሪያዋ ትንሽ ፊደል ግን የስሙ አካል ብቻ ሳትሆን ምልክትም ናት። «ቢ» ከሆነች ዋጋው 0 ወይም 1 ነው፤ አይሁን ወይም ይሁን ማለት ነው። «አይ» ከሆነች ሙሉ ቍጥር ነው። «ኤፍ» ከሆነች ነጥብ ያለው ቍጥር ይቀበላል። «ዩ» ከሆነች ከዜሮ በታች የማይወርድ ሙሉ ቍጥር ነው። እነዚህን አራት ፊደላት ያወቀ ሰው ቢያንስ በብዙዎቹ መስመሮች ምን ዓይነት ዋጋ እንደሚጻፍ ያውቃል።

ከብዙዎቹ መስመሮች መካከል ማሽኑን የሚያደክሙት ጥቂቶች ናቸው። አስቀድሞ ጥላን እንመልከት። ጨዋታው ጥላ ለመሣል ዓለሙን ብርሃኑ ከሚመጣበት ወገን ሆኖ አንድ ጊዜ ይሥላል፤ ያም ሥዕል የጥላ ካርታ ይባላል። የካርታውን ስፋት የሚወስነው «ሻዶው ማፕ ሬዞሉሽን» የተባለው መስመር ነው። ዋጋው 4096 ቢሆን ካርታው በቁመት 4096 በወርድም 4096 ነጥብ ስላለው 16,777,216 ነጥቦች ይሆናሉ። 2048 ብናደርገው ግን 4,194,304 ብቻ ናቸው። ቍጥሩን በግማሽ ስንቀንስ ሥራው ወደ ሩብ ወረደ ማለት ነው። በፋይሉ ላይ የምናየው ቍጥርና ማሽኑ የሚሸከመው ሸክም እኩል እየተራመዱ እንደማይሄዱ ልብ በሉ።

«ሻዶው ዲስታንስ» የተባለው መስመር ደግሞ ጥላ እስከ ምን ያህል ርቀት እንዲሣል ይወስናል። ዋጋውን ከ8000 ወደ 4000 ብንቀንሰው ሩቅ ያሉት ዛፎች ጥላቸውን ያጣሉ፤ የማሽኑም ሥራ ይቀላል። ነገር ግን ያው ካርታ አሁን የሚሸፍነው መሬት ስለሚያንስ በአጠገባችን ያለው ጥላ ቀድሞ ከነበረው ይበልጥ ጥርት ብሎ ይታያል። እንግዲህ መቀነስ ሁልጊዜ ማበላሸት አይደለም።

ሣሩ ደግሞ ሌላ ትምህርት ይሰጠናል። «ሚን ግራስ ሳይዝ» የተባለው መስመር በተለመደው አቀማመጥ 20 ነው። ያልመረመረ ሰው «ቍጥሩን ልቀንስና ይፍጠንልኝ» ብሎ 10 ያደርገዋል፤ ሣሩም ይጠቀጥቃል፤ ማሽኑም ይብስ ያቃስታል። በዚህ መስመር ቍጥሩ ሲጨምር ነው ሣሩ የሚሳሳው። ስለዚህ «ሁሉን ቍጥር ዝቅ አድርግ» የሚለው ምክር ሕግ ሊሆን አይችልም።

ከሁሉ የሚያስፈራው ግን «ግሪድስ ቱ ሎድ» የተባለው መስመር ነው። የተለመደው ዋጋ 5 ነው፤ ይህም በተጫዋቹ ዙሪያ 5 በ5፣ ማለት 25 የመሬት ክፍሎች በሙሉ ዝርዝር ይከፈቱ ማለት ነው። 7 ቢሆን 49፣ 9 ቢሆን 81 ይሆናሉ። «ሩቅ ያሳይሃል» ተብሎ ይህን መስመር ከፍ ያደረገ ሰው የማስታወሻውንም የፕሮሰሰሩንም ሸክም አበዛ ማለት ነው። ክፋቱ በዚህ አያበቃም። በከፍተኛው ዋጋ ተጫውቶ ያስቀመጠውን ጨዋታ ቍጥሩን ዝቅ አድርጎ ሊከፍተው ሲሞክር ጨዋታው ሊዘጋበት ይችላል። የብዙ ሳምንት ጨዋታ በአንዲት መስመር አደጋ ላይ ይወድቃል ማለት ነው።

«ፕሬዘንት ኢንተርቫል» የሚባለውም እንዲሁ ነው። 1 ሲሆን ጨዋታው የስክሪኑን መታደስ ይጠብቃል፤ 0 ሲሆን አይጠብቅም። ሰዎች ፍጥነት ለማግኘት 0 ያደርጉታል። ነገር ግን በ2011 በወጣው ጨዋታ የዕቃዎች እንቅስቃሴ ስሌት በሴኮንድ 60 ሥዕል ላይ የተመሠረተ ስለ ሆነ፣ ፍጥነቱ ከዚያ በጣም ሲያልፍ ጠረጴዛ ላይ ያሉት ሳህኖች በራሳቸው ይበራሉ። ፍጥነት ራሱ የሚያበላሽበት ጊዜ አለ።

እንግዲህ መስመሩን አንብበን ከለወጥን በኋላ መሻሻሉን በምን እናውቃለን? በመለካት ነው። አንድ የተቀመጠ ጨዋታ ይመረጥ፤ በአንድ ስፍራ፣ ፊት ወደ አንድ አቅጣጫ ዞሮ፣ በሴኮንድ የሚሣሉት ሥዕሎች ይቈጠሩና በደብተር ይጻፉ። ከዚያ አንድ መስመር ብቻ ይለወጥ፤ እንደ ገና በዚያው ስፍራ ይለካ። አሥር መስመር ባንድ ጊዜ የለወጠ ሰው የትኛው እንደ ጠቀመውና የትኛው እንደ ጎዳው በፍጹም ሊያውቅ አይችልም።

አቈጣጠሩም ቢሆን ማስተዋል ይፈልጋል። በሴኮንድ 20 ሥዕል ማለት ለአንዱ ሥዕል 50 ሚሊሴኮንድ ማለት ነው፤ 25 ሲሆን 40 ሚሊሴኮንድ ነው። ከ20 ወደ 25 የወጣ ሰው በየሥዕሉ 10 ሚሊሴኮንድ አተረፈ። ከ60 ወደ 65 የወጣው ግን ያተረፈው 1.3 ሚሊሴኮንድ ያህል ብቻ ነው። ሁለቱም «አምስት ጨመርሁ» ብለው ሊፎክሩ ይችላሉ፤ ሥራቸው ግን አይተካከልም።

ድካሙ የማን እንደ ሆነ ለማወቅም ቀላል መንገድ አለ። የሥዕሉን ስፋት ከ1920 በ1080 ወደ 1280 በ720 እንቀንስ። ነጥቦቹ ከ2,073,600 ወደ 921,600 ይወርዳሉ፤ ከግማሽ በታች ማለት ነው። ፍጥነቱ በብዙ ከጨመረ የደከመው ግራፊክስ ካርዱ ነበር። ምንም ያህል ካልተለወጠ ግን የደከመው ፕሮሰሰሩ ነው፤ የጥላውን ካርታ ማጥበብም ብዙ አይረዳውም፤ ይልቅስ የሚሣሉት ነገሮች ብዛት በርቀት መቀነስ አለበት።

በዚህ ላይ የሚነሡ ተቃውሞዎች እንዳሉ አውቃለሁ። አንዳንዱ «ጨዋታው ራሱ ማሽኑን አይቶ ዝቅተኛ፣ መካከለኛ፣ ከፍተኛ ወይም እጅግ ከፍተኛ ብሎ ይመርጥልን የለም ወይ?» ይላል። ይመርጣል። ነገር ግን ብዙ መስመሮችን በአንድነት ከፍ ወይም ዝቅ ያደርጋል እንጂ፣ እኔ ጥላ ቢቀርብኝ የማይከፋኝ፣ ሩቁ ተራራ ግን እንዲታየኝ የምወድ መሆኔን ከወዴት ያውቃል? ያን የሚያውቅ ባለቤቱ ብቻ ነው።

ሌላው «የጓደኛዬ ፋይል እያለ ምን አደከመኝ» ይላል። የጓደኛው ፋይል የተጻፈው ለጓደኛው ካርድ፣ ለጓደኛው ስክሪን፣ ለጓደኛው ምርጫ ነው። የሰው ወርቅ አያደምቅ ይባላል። ከጓደኛ ምክር መቀበል መልካም ነው፤ ግን «ይህ መስመር ምን ያዛል?» ብለን ጠይቀን ይሁን።

ሦስተኛው ተቃውሞ ከመምህራኖቻችን ወገን የሚመጣ ነው፤ «ይህን ሁሉ ድካም ለጨዋታ ከማዋል ለትምህርታችሁ ብታውሉት አይሻልም ወይ?» የሚል ነው። ተቃውሞው የሚከበር ነው። እኔም ብዙ እንጫወት ለማለት አልቆምሁም። ነገር ግን ነገ ከዚህ ወጥተን በየመሥሪያ ቤቱ የምናገኛቸው ፕሮግራሞች የሚተዳደሩት በዚሁ ዓይነት ፋይል መሆኑን እናስብ። ፖስትግሬስኪውኤል የተባለው የመረጃ ቋት ሲነሣ የሚያነበው የጽሑፍ ፋይል አለው፤ ምን ያህል ማስታወሻ ለራሱ እንዲይዝ የሚወስነው መስመርም በዚያ ውስጥ ይገኛል። ዛሬ የጨዋታን ፋይል ሳያነብ የሚገለብጥ ተማሪ ነገ ያንንም ሳያነብ ይገለብጣል። ልዩነቱ ዛሬ የሚጠፋው የራሱ ጨዋታ ሲሆን ነገ የሚጠፋው የሌላ ሰው መዝገብ መሆኑ ነው። ስሕተት ርካሽ በሆነበት ስፍራ ጥንቃቄን መማር ብልህነት አይደለምን?

የተነገረው ከእውነት እንዳያልፍ አንድ ነገር ልጨምር። ፋይል ማረም ለማሽን የሌለውን ኀይል አይፈጥርለትም። ያለውን ኀይል ግን እኛ በምንፈልገው ሥራ ላይ እንዲያውለው ያደርጋል። ካነበብንና ከለካን በኋላ አሁንም ካልበቃ፣ ያን ጊዜ «አዲስ ያስፈልጋል» ብንል ንግግራችን በማስረጃ ይሆናል። ሳንለካ ግን «አርጅቷል» ማለት ሳይመረምሩ መፍረድ ነው።

ስለዚህ ጓደኞቼ ሆይ፣ የምጠይቃችሁ ትንሽ ነገር ነው። ፋይሉን ክፈቱ፤ ግልባጩን አስቀምጡ፤ አንድ መስመር ምረጡና ምን እንደሚያዝ ዕወቁ፤ ለውጡት፤ ለኩት፤ ያገኛችሁትንም ከነቍጥሩ በደብተር ጻፉ። ለጓደኛችሁ የምታካፍሉትም ፋይሉን ብቻ ሳይሆን ያን ደብተር ይሁን። ከመጠምጠም መማር ይቅደም ያሉት አባቶቻችን ለዚህም ዘመን ተናግረዋል።