ሕጉ ከወረዳ፣ የውኃው ቆጣሪ ከአከራይ

(በአንድ የአዲስ አበባ ሰፈር እድር ጠቅላላ ስብሰባ ላይ አንድ አባል ካደረጉት ንግግር የተወሰደ)



ጸሐፊያችን "አምስት ደቂቃ ብቻ" ብሎኛል። ሃያ ስምንት ዓመት ሙሉ ፍርድ ቤት በር ላይ ተቀምጦ ማመልከቻ የጻፈ ሰው በአምስት ደቂቃ ሲጨርስ አይታችሁ ታውቃላችሁ? ይሁን፣ እሞክራለሁ።

የምናገረው ስለ ቤት ኪራይ ነው። እዚህ ከተቀመጥነው መካከል ገሚሱ አከራይ፣ ገሚሱ ተከራይ ነው። እኔም ተከራይ ነኝ፤ አከራዬም እዚያ ኋላ ተቀምጠው ያዳምጡኛል። (ሳቅ) ስለዚህ ቃል መርጬ ብናገር አትፍረዱብኝ።

በመጋቢት 2016 ዓ.ም. የመኖሪያ ቤት ኪራይ ቁጥጥርና አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1320/2016 ወጣ። ሰማን፤ ደስም አለን። ውል በጽሑፍ ይሁን አለ። በ30 ቀን ውስጥ ይመዝገብ አለ። የውሉ ዘመን ከሁለት ዓመት አይነስ፣ ጭማሪ በዓመት አንድ ጊዜ ተቆጣጣሪው አካል በሚወስነው ልክ ይሁን፣ ቅድሚያ ክፍያ ከሁለት ወር አይብለጥ፣ ክፍያውም በባንክ ይፈጸም አለ። ወረቀቱ ላይ ያለው ይኼ ነው። ክፉ ነው የሚል ካለ እኔ አይደለሁም።

አሁን ደግሞ ፍርድ ቤት በር ላይ ያየሁትን ልንገራችሁ።

አንዲት እንጀራ ጋግራ የምትሸጥ ሴት፣ የሁለት ልጆች እናት፣ "ጋሼ፣ ክስ ይጻፉልኝ" ብላ መጣች። የምትኖረው በአንድ ግቢ ሰርቪስ ቤት ነው። "ውልሽን አምጪ" አልኳት። አመጣች። ማኅተም አለው፣ የሁለት ዓመት ነው፤ የወር ኪራይ 2,500 ብር ይላል። "ስንት ትከፍያለሽ?" ስላት "አምስት ሺህ" አለችኝ። ለግብሩ ሲባል ለወረዳ የሚቀርብ አንድ ውል፣ ለኪስ የሚሆን ሌላ የቃል ውል ማለት ነው። ገንዘቡን በእጇ ነው የምትሰጠው። ደረሰኝ የሚባል ነገር የለም። ታዲያ አከራይዋ 7,000 አድርጊው አሏት፤ አቅም የለኝም አለች።

ልብ በሉ! ወይዘሮዋ "ውጪልኝ" አላሉም። ሕጉን አሳምረው ያውቃሉ። መጀመሪያ የውኃው ቧንቧ ላይ ቁልፍ ገባ። ቀጥሎ "የምጣድሽ መብራት ቆጣሪዬን ጨረሰው" ተባለ፤ ምጣዱ ሲቆም እንጀራው ቆመ፣ እንጀራው ሲቆም ገቢው ቆመ። የግቢው በር በምሽቱ ሁለት ሰዓት መዘጋት ጀመረ። ልጆቿ ግቢ ውስጥ እንዳይሮጡ ተከለከሉ። ወረዳ ሄዳ ብትጮኽ "ውልሽ 2,500 ይላል፤ አምስት ሺህ መክፈልሽን በምን እንወቅ?" ብለው መለሷት።

እኔም ሁከት ይወገድልኝ ብዬ ጻፍኩላት። መዝገብ ተከፈተ፣ ቀጠሮ ተሰጠ፤ ከስድስት ሳምንት በኋላ። ውኃ የሌለው ቤት ውስጥ ከሁለት ሕፃናት ጋር ስድስት ሳምንት! በሦስተኛው ሳምንት ዕቃዋን በጋሪ ጭና ወጣች። በቀጠሮው ቀን "ከሳሽ አልቀረበችም" ተብሎ መዝገቡ ተዘጋ። በዚያ መዝገብ ላይ ማንም ማንንም አላስወጣም። እስቲ የቤት ማስወጣት ክርክር ቀንሷል የሚል ሪፖርት ቢቀርብላችሁ እንዲህ ያለውንም መዝገብ አስታውሱ።

አከራዮች አትቆጡ፣ ወደ እናንተም እመጣለሁ። አንድ ጡረተኛ አባት አሉ። ንብረታቸው ያቺው ግቢና ሁለት ክፍል ጭቃ ቤት ነች። መድኃኒታቸውን የሚገዙት በኪራዩ ነው። ተከራያቸው ሰባት ወር አልከፈለም፤ ሲጠይቁት "ሁለት ዓመት አይነኩኝም፣ ሕግ አለ" ይላል። ሕጉ እኮ ኪራይ የማይከፍለውን አይጠብቅም! ግን ይህንን የሚያስረዳ ዳኛ ፊት ለመድረስ እሳቸውም ቀጠሮ ይጠብቃሉ። ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. ወዲህ ብር በገበያ ይመራ ተብሎ የመድኃኒቱ ዋጋ ወዴት እንደሄደ ታውቁታላችሁ፤ ነጋዴው ሲጨምርባቸው "በዓመት አንድ ጊዜ ብቻ" ያለው የለም። እንዲህ ያለው አከራይ ከበርቴ ነው? እኔ አይመስለኝም። ድሃና ድሃ በአንድ ግቢ ሲናከሱ ነው የማየው።

ቁጥጥር ለእኛ አዲስ አይደለም። በዕድሜ የገፋችሁት ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም.ን ታስታውሳላችሁ። አዋጅ ቁጥር 47/1967 የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን ወረሰ፤ ዝቅተኛውን ኪራይ ከ15 እስከ 50 በመቶ ቀነሰ። እልል ተባለ። ከ100 ብር በታች የሚከራየው የቀበሌ ሆነ፤ ኪራዩም ለአሥርት ዓመታት ባለበት ቀረ። ቆርቆሮው ሲያፈስ የሚጠግነው ግን ጠፋ። በዚያ ኪራይ ሚስማር እንኳ አይገዛም። አዲስ ቤት በበቂ አልተሠራ፤ ልጅ ሲያገባ መሄጃ አጥቶ እናቱ ቤት ቆጥ ሠራ፤ ሌላውም ደባል ሆኖ ገባ። ዛሬም መሬት በመንግሥት እጅ ነው። በ1997 ዓ.ም. ለኮንዶሚኒየም ከተመዘገቡት መካከል ስንቶቹ ዕጣ ሲጠብቁ አርጅተዋል? ዋናውን ቁልፍ የያዘው እሱ ሆኖ ሳለ፣ እኛን በሰርቪስ ቤት ቁልፍ ያጣላናል።

ደግሞስ አከራይን የሚገሥጸው መንግሥት ራሱ ምን ዓይነት አከራይ ነው? ለተከራይ የሁለት ዓመት ዋስትና በተሰጠበት በዚያው ሰሞን፣ ፒያሳ ላይ በኮሪደር ልማት ስም የቀበሌ ቤት ይፈርስ ነበር። የቀናት ማስጠንቀቂያ ነው የተሰጠን ብለው የተናገሩ ነዋሪዎች አሉ። ምትክ ያገኘው ወደ ከተማው ዳር ሄደ። እዚያ ቤት ውስጥ በደባልነት ይኖር የነበረውስ? በስሙ የቤት ደብተር የለውም፤ ምን ይዞ ይጠይቅ?

(ጸሐፊው እጁን እያሳየኝ ነው። ገባኝ፣ ልጨርስ።)

መንግሥትን የምጠይቀው አንድ ነገር ነው፤ የኪራይ ክርክር ብቻ የሚያይ፣ ውኃ ሲቆረጥ በሳምንት ሳይሆን በቀን ትእዛዝ የሚሰጥ ችሎት ያቁምልን። እሱ እስኪመጣ ግን ከእናንተ የምጠይቀው አለ። ኪራይ በባንክ ይከፈል፤ እውነተኛው ዋጋ ውሉ ላይ ይስፈር። አከራዮች፣ ግብሩ እንደሚያስፈራችሁ አውቃለሁ፤ ነገር ግን ተከራይ ሲክዳችሁም የሚያዋጣችሁ ያው ወረቀት ነው። እድራችንም ሁለት አከራይና ሁለት ተከራይ፣ አንድም ቤቱ የራሱ የሆነና የማያከራይ ሰው መርጦ አምስት ሽማግሌ ይሰይም። ጠብ ሲነሳ በሦስት ቀን ውስጥ ግቢው ድረስ ሄደው ይዩ። እነሱ ጉዳዩን እስኪጨርሱ ድረስ ውኃም መብራትም እንዳይቆረጥ፣ ተከራይም ያልተካካደበትን ኪራይ እንዳያስቀር በመተዳደሪያ ደንባችን ይግባ። አልታዘዝም ያለው፣ አከራይም ይሁን ተከራይ፣ እንደ ማንኛውም ደንብ ተላላፊ ይቀጣ።

ረቂቁን ጽፌ ለዳኛችን ሰጥቻለሁ፤ አንድ ገጽ ነው። ይነበብና እጅ ይውጣበት። አከራዬ ቢቃወሙትም አልቀየምም፤ የዚህን ወር ከፍያለሁ፣ ደረሰኙም ኪሴ ውስጥ ነው። (ሳቅና ጭብጨባ)