«መዝገቡ ተዘጋ እንጂ ጉዳዬ አልተዘጋም!»

(አንድ መምህር ጎንደር ከተማ ውስጥ ለሙያ ጓደኞቹ ያደረገው ንግግር)



«ያ ክስህ ምን ደረሰ? ረታህ ወይስ ተረታህ?» ስትሉኝ ከርማችኋል። አልረታሁም፤ አልተረታሁምም። ክሱን በገዛ እጄ አነሳሁት! ዛሬ የቆምኩት የእኔን ስሕተት እናንተ እንዳትደግሙት ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ደባርቅ እያስተማርኩ በየክረምቱ አንድ ዩኒቨርሲቲ (ስሙን ልተወው) እየሄድኩ እማር ነበር። ስጨርስ «የአንድ ኮርስ ውጤትህ አልተገኘም» ተባልኩ። ተፈትኛለሁ፣ ፈርሜም ወጥቻለሁ! ሬጅስትራር ወደ ትምህርት ክፍሉ፣ ትምህርት ክፍሉ ወደ ሬጅስትራር ሲያመላልሱኝ ሁለት ዓመት አለፈ። ዲግሪ የለ፣ የደረጃ ዕድገት የለ! በመጨረሻ ከሰስኩ።

ሰው ሁሉ «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» አለኝ። እውነትም መምህርና ዩኒቨርሲቲ አቻ አይደሉም። በ1985 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ከ40 የሚበልጡ መምህራን በአንድ ጊዜ ሲባረሩ፣ ዕውቁ የቀዶ ሕክምና ሐኪም ፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስ እንኳ አልቀሩላቸውም። እኔማ ማን ነኝ? ግን የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ፍርድ ቤት የማቅረብ መብት ለማንም ሰው ሰጥቷል። እሱን ይዤ ገባሁ።

ከዚያማ ቀጠሮ በቀጠሮ ላይ! ከደባርቅ ጎንደር መቶ ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ እኔ ግን ጎንደር አድሬ ገና ሌላ አውቶቡስ እሳፈራለሁ። ስደርስ «ዳኛው ስብሰባ ላይ ናቸው» እባላለሁ። ደመወዜ መንገድ ላይ አለቀ። አንድ ማታ ባለቤቴ «ልጆቹ ደብተር የላቸውም» አለችኝ። ሌላ ቃል አልጨመረችም።

በዚህ መሀል ከዚያው ከዩኒቨርሲቲው አንድ ሰው ጠርቶ «ክሱን አንሳ፤ በሁለት ሳምንት ወረቀትህን ትወስዳለህ» አለኝ። በቃል ብቻ! አመንኩት። «ክሴን ትቻለሁ» ብዬ ፈረምኩ። ሁለቱ ሳምንት ወር ሆነ፣ ወሩም ዓመት። ተመልሼ ልክሰስ ብል አንድ ጠበቃ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉን አንቀጽ 278 ገልጦ አሳየኝ፦ እንደገና ለመክሰስ የፍርድ ቤት ፈቃድ ሳያገኝ ክሱን የተወ ሰው በዚያው ጉዳይ ዳግም መክሰስ አይችልም፤ ኪሣራም አለበት። ሕጉ ከ1958 ዓ.ም. ጀምሮ ተጽፎ ተቀምጧል። አላነበብኩትም!

ወገኖቼ፣ አትታረቁ አላልኩም። ታረቁ! ግን የተገባላችሁን ቃል በጽሑፍ አድርጉት፤ ስምምነቱም መዝገቡ ውስጥ ይግባ። ካልሆነም ክሱን ስታነሡ በቂ ምክንያት አቅርባችሁ ፈቃዱን ጠይቁ።

ለዩኒቨርሲቲ ሰዎች ደግሞ አንድ ጥያቄ አለኝ። የፈተና ውጤቴ ሳልከስም የእኔው ነበር፤ ታዲያ እሱን ለማግኘት ክስ ማንሳት ምን አመጣው?

እኔ አሁንም ክረምት በመጣ ቁጥር ሄጄ ያንን ቢሮ አንኳኳለሁ። መዝገቡ ተዘጋ እንጂ ጉዳዬ አልተዘጋም።